የሰማያዊው መጽሐፍ መጨረሻ

ሰፈርተኛው ሁሉ «መደምደሚያ» ነው የሚላት። ባሏ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ከተጋቡ ማግስት ጀምሮ በዚሁ ስም ነበር የሚጠራት። በምትሠራበት ሆስፒታል አብረዋት አንሶላ የሚያጥቡትና የሚተኩሱት ሴቶችም ወላጆቿ ያወጡላትን ስም የሚያውቁት አይመስለኝም። ለማያውቅ ሰው የቁልምጫ ስም ይመስላል። እሷን ግን በሰማችው ቁጥር እንደ አዲስ ያማታል፤ ያውም ልጅ ወልዳ፣ ድራ፣ ፀጉሯ ገብስማ ከሆነ በኋላ። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም ይባል የለ? የዚህችን ሴት ቂም ልነግራችሁ ነው። ቂም ጥሩ አይደለም ብላችሁ እንዳትመክሩኝ አደራ፤ እሱን እኔም አውቃለሁ።

የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ሳለች ሳይንስና የዓለም ታሪክ የሚያስተምር አንድ መምህር ነበራቸው። አንቱ ልለው አፌ አልታዘዝ ስላለኝ እሱ ልበለው። ረጅም፣ ጫማው መስተዋት የሚያስንቅ፣ ኮቱ ላይ የጠመኔ ብናኝ የማያርፍበት ሰው ነበር። በየዓመቱ መጀመሪያ የክፍሉ በር ላይ አንድ ወረቀት ይለጥፋል፤ አናቱ ላይ በቀይ ቀለም «እንዲነበቡ የሚመከሩ» ይላል። ከሥሩ መጻሕፍት ናቸው፤ ስለ ከዋክብት፣ ስለ ደም ዝውውር፣ ስለ ባሕር አሳሾች፣ ስለ ተነሡና ስለ ወደቁ መንግሥታት። እነዚያን ሁሉ አንብቦ የጨረሰ ልጅ ክፍሉ ፊት ቆሞ ይጠየቃል። ካለፈ መምህሩ ይመሰክርለትና አዳሪ ትምህርት ቤት በነጻ ይገባል። በዓመት አንድ ልጅ ብቻ።

አንዲት የማትነቃነቅ ሕግ ነበረችው። የሚጠየቅ ሰው መጽሐፍ በእጁ አይዝም፤ ለማመሳከር ብሎ መጽሐፍ ማስመጣትም ክልክል ነው። «መጽሐፍ ሆዱ የገባለት ሰው እጁ ባዶ ነው» ይላል፣ ጠረጴዛውን በጣቱ አንጓ ኳ ኳ እያደረገ። ልጆቹ ያቺን ኳ ኳ ከርዕሰ መምህሩ አርጩሜ ይልቅ ይፈሯት ነበር።

የልጅቷ አባት ወፍጮ ቤት ይሠራ ነበር። እሷም ወፍጮው ጆሮዋን እያደነቆራት፣ ጆንያ ላይ ቁጭ ብላ ነው በሩ ላይ ያለውን ሁሉ ከላይ እስከ ታች ያነበበችው። መጻሕፍቱን ስትመልስ የቤተ መጻሕፍቱ ጠባቂ ከገጾቹ ዱቄት እያራገፈ «አንቺ ልጅ፣ እኔ ያዋስኩሽ መጽሐፍ እንጂ ኬሻ አይደለም» እያለ ይነጫነጭባት ነበር። አባቷ ደግሞ ለደንበኛው ሁሉ «የኔ ልጅ አዳሪ ልትገባ ነው» ይላል። ገና ሳትጠየቅ እኮ ነው! አባት አይደል፣ ምን ይደረግ።

የቀረቻት አንዲት ሰማያዊ ልባስ ያላት መጽሐፍ ነበረች። ታሪኩ በአንዲት ሩቅ የወደብ ከተማ የሆነ ነው። ከተማዋ ውስጥ ወረርሽኝ ይገባና ሰዉ እንደ ቅጠል ይረግፋል። ሹማምንቱ በሽታው ከአየሩ ነው ይላሉ። አንድ ሐኪም ግን «የለም፣ ከአደባባዩ ጉድጓድ ውሃ ነው፤ ጉድጓዱን ድፈኑት» ብሎ ድርቅ ይላል። ሹማምንቱ ይስቁበታል፣ ይሰድቡታል፣ ከሥራው ያባርሩታል። ልጅቷ ልቧ ተንጠልጥሎ ገጹን ስትገልጥ ምን ብታይ ጥሩ ነው? ባዶ ልባስ! የመጨረሻው ምዕራፍ ከነሥሩ ተገንጥሎ ሄዷል። ወደ ጠባቂው ሮጠች። «እኔም እንዲሁ ነው የተረከብኩት» አላት። ሌላ ቅጂ የለም።

አልጨረስኩም ብትል ዕድሉ ለሌላ ልጅ ሊሄድ ነው። ስለዚህ መጨረሻውን ራሷ ሠራችው። ጉድጓዱ ተደፈነ፣ ከተማው ዳነ፣ ሹማምንቱ ሐኪሙን አደባባይ ላይ አቁመው ይቅርታ ጠየቁት። የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ሌላ ምን መጨረሻ ታመጣለች?

የተጠየቀች ዕለት ሁሉንም እንደ ውሃ አንበለበለችው። ከዋክብቱን፣ ደሙን፣ መርከቦቹን፣ ነገሥታቱን፤ አንድም አልሳተች። ልጆቹ አፋቸውን ከፍተው ነበር የሚሰሟት። በመጨረሻ ኳ ኳ አደረገና «ሐኪሙስ መጨረሻው ምን ሆነ?» አላት። ነገረችው። አያት፣ አያትና ፈገግ አለ። እሷ እንደ ወደደው ቆጠረችው።

«ውሸታም» አላት።

«መምህር፣ መጽሐፉ እኮ ተቀዶ…»

«እጅሽም ባዶ፣ ሆድሽም ባዶ።»

«የመጨረሻው ምዕራፍ የለም፣ አስመጥተው ቢያዩት…»

«የመደምደሚያዋ እመቤት!» አለና ወደ ልጆቹ ዞረ። «ያላነበበችውን መጽሐፍ ደመደመችልን!» ክፍሉ በሳቅ አውካካ። እሷ እንባዋ ከአፍንጫዋ ጋር ተደባልቆ እየወረደ አንድ ዐረፍተ ነገር ለመጨረስ ትታገላለች፤ እሱ በሩን በጣቱ ያሳያታል። ወጣች። አጥሩ ጋ ሳትደርስ «መደምደሚያ! መደምደሚያ!» እያሉ ተከተሏት። አባቷ ወሬውን ከወፍጮ ደንበኛ ሰማ። ደንበኛው ፊት የተዋረደ አባት ምን እንደሚያደርግ ታውቁታላችሁ፤ ከዚያን ቀን ወዲያ የትምህርት ቤቱን ደጃፍ አልረገጠችም።

ከዚያ በኋላ ያለው የማንም ሴት ታሪክ ነው። ሆስፒታል ልብስ እጥበት ተቀጠረች፣ አገባች፣ ወለደች፣ ባሏን ቀበረች። እጇ በረኪና በልቶት ነጣ። ማንበብ ግን አልተወችም። ሕሙማን ከተኙበት አንሶላ ልትቀይር ስትገባ ዓይኑ የታሸገ ሰው ካየች ጋዜጣ ታነብለታለች። ድምፅዋ ወፍራምና የረጋ ነው፤ ለሰው ስታነብ ገጹን ሳይሆን አንተኑ እያየች የምታወራህ ይመስልሃል። ቂሟንም ለመተው ያልሞከረችው ነገር የለም። ስትጸልይ እንኳ ያ ፈገግታ ይመጣባታል። ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት የሚባለው ለሷ የተነገረ ነው የሚመስለው።

አንድ ቀን አንዲት የጥርስ ሐኪም መተላለፊያው ላይ ቆማ ስታነብ ሰማቻትና ጠበቀቻት።

«እህቴ፣ ድምፅሽ እንዴት ያምራል! አባቴ ዓይኑ ጠፍቶ ቤት ውሏል። ዕድሜውን ሙሉ ሲያስተምርና መጽሐፍ ሲያነብ የኖረ ሰው ነው፤ አሁን ሊያብድብኝ ነው። ከሰዓት ከሰዓት እየመጣሽ ታነቢለታለሽ?»

«ደስ ይለኛል ዶክተር» አለች። ምን ታውቃለች!

ሳሎኑ ግድግዳው በሙሉ መጽሐፍ ነው። ሽማግሌው መስኮቱ አጠገብ ጀርባውን ሰጥቶ ተቀምጧል። ሰላምታዋን ሰማ፣ ራሱን ነቀነቀ፣ ከዚያ በጣቱ አንጓ የወንበሩን እጀታ ኳ ኳ አደረገና «ለመሆኑ ምን ምን አንብበሻል?» አላት።

ክው አለች። ጫማው አሁንም ይብለጨለጫል። እግሯ ወደ በሩ ዞሮ ነበር፤ ዞሮ ቆመ። ምነው ይህ ሰው ዓይን በነበረው፣ አይቶኝ በደነገጠ አለች በልቧ። ከዚያ ሌላ ሐሳብ መጣላት። ዓይን ባይኖረው ይሻላል።

«ብዙም አላነበብኩ መምህር» አለችና ወንበር ስባ ተቀመጠች።

ሰውየው አመሉን አልተወም። ቅዳሜ ከሰዓት ሁለት ወዳጆቹ ይመጣሉ፤ አንዱ ጡረታ የወጣ ዳኛ፣ አንዱ ድሮ ያስተማረው ፋርማሲስት። ሻይ ይቀርባል። እሱ ከወንበሩ ይነሣና በሳምንቱ የተነበበለትን መጽሐፍ፣ የሳይንስ ወይም የዓለም ታሪክ፣ ከጥግ እስከ ጥግ በቃሉ ተርኮ «ይነበብ፣ እመክራለሁ» ይላል። መጽሐፍ አሁንም በእጅ አይያዝም። ወዳጆቹ ገዝተው ወይ ተውሰው ያነቡታል። ይቺ ቅዳሜ ለሰውየው ነፍሱ ናት። ልጁም «አባዬን ያቆየው ቅዳሜ ነው» ትላለች።

መደምደሚያ ይህን ስትሰማ የምትመታው ቦታ የት እንደሆነ ገባት።

የመጀመሪያው መጽሐፍ ከተማው ስለተከበበበት ንጉሥ ነበር። ሳምንቱን ሙሉ አንዲት ቃል ሳታጎድል አነበበችለት። የመጨረሻው ምዕራፍ ላይ ስትደርስ ግን ዓይኗ ሌላ አፏ ሌላ ሆነ። መጽሐፉ ንጉሡ የሴት ልብስ ለብሶ በጀልባ ሸሸ ይላል፤ እሷ ዙፋኑ ላይ ሰይፉን ጨብጦ ሞተ አለችለት። «ወንድ ነው!» አለ ሽማግሌው ጭኑን መትቶ። ቅዳሜ ይህንኑ ድምፁ እየተንቀጠቀጠ ተረከው። በሚቀጥለው ቅዳሜ ፋርማሲስቱ መጽሐፉን አንብቦ መጣ።

«መምህር፣ ንጉሡ እኮ ቀሚስ ለብሶ ነው ያመለጠው» አለ እየሳቀ።

«አንተ ድሮም ስታነብ ትዘላለህ» አለው ሽማግሌው። ሰዎቹ ሲሄዱ ግን ፊቱን ወደሷ አዞረ። «ልጄ፣ ዙፋኑ ላይ ሞተ ብለሽ አልነበረም ያነበብሽልኝ?»

«ኧረ በጀልባ ሸሸ ነው ያልኩዎት መምህር» አለች በዚያ በረጋ ድምፅዋ። «ምነው፣ ተዘነጋዎት እንዴ?»

ሽማግሌው ግንባሩን በመዳፉ ይዞ ቆየ። አንጀቷ ራሰ። በማግስቱ ካውያዋን እየገፋች ስታንጎራጉር ሴቶቹ «መደምደሚያ፣ ባል አገኘሽ እንዴ?» አሏት። «ከባል የሚበልጥ» አለች። ክፉ ናት ትሉ ይሆናል። ክፉ ናት እንጂ፤ ማን አስተማራት?

ከዚያማ ሳምንት በሳምንት ሆነ። ጅራታም ኮከብ ተመልሶ ይመጣል ብሎ ዕድሜውን ሙሉ ያሰላ ሰው ነበር። መጽሐፉ ኮከቡ ሰውየው ባለው ዓመት ከተፍ አለ ይላል። እሷ ኮከቡን አስቀረችው፤ ሰውየውንም አፍሮ ዓሣ ነጋዴ እንዲሆን አደረገችው። ሽማግሌው ይህን በታላቅ ክብር ሲተርክ ዳኛው ሻይ ትን ብሎት ለመተንፈስ ተቸገረ። በጨው ግብር ያመፁ ገበሬዎች ነበሩ። መጽሐፉ ላይ ይሸነፋሉ፤ በሷ አፍ ንጉሡ ልጆቹን ዳረላቸው። እሷ ጥጉ ላይ ተቀምጣ ሳቁ ሲጀምር፣ ቀጥሎ ሳቁ ሲቀርና መተያየት ሲጀመር፣ መጨረሻ ላይ መተያየቱም ቀርቶ ሁለቱ ሰዎች ስኒያቸውን ሲያዩ ተከታተለች። ሳቅ ይሻል ነበር። ስኒ ማየት ሐዘኔታ ነው። ጃጅቷል ማለት ነው።

ሰውየው ማታ ማታ የበላውን ለልጁ መንገር ጀመረ፤ አልተሳሳትኩም ለማለት። የገዛ ኮቱን ኪስ ሁለት ሦስት ጊዜ ይዳብሳል። አንድ ከሰዓት ጥርስ ሐኪሟ ኩሽና ጠርታት በሩን መለስ አደረገች።

«እውነቱን ንገሪኝ፤ የምታነቢለትንና እሱ የሚያወራውን ምን አገናኘው?»

«እኔ የተጻፈውን ነው የማነብላቸው ዶክተር። እሳቸው እንግዲህ…» አለችና ቀሪውን ዋጠችው። ያልተናገረችው ከተናገረችው ይበልጥ ገደለ።

ሴትዮዋ እንባዋን በእጅጌዋ ጠረገች። «እኔ ቀኑን ሙሉ ሥራ ላይ ነኝ። አንድ ቀን ምድጃ ለኩሶ ቢረሳስ? የአረጋውያን መኖሪያ ቦታ ይዤለታለሁ፤ ሰኞ ይገባል። ከቅዳሜው በኋላ እነግረዋለሁ።»

ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል። መደምደሚያ እዚህ ድረስ ይሄዳል ብላ አልነበረም። ግን ተመለሽ የሚላትም አልነበረም፤ ቢኖርም አትሰማም።

ሽማግሌው ምንም ሳይነገረው ያወቀ ይመስላል። በዚያው ሳምንት «ልጄ፣ ከላይኛው መደርደሪያ ሰማያዊ ልባስ ያላትን አውርጂልኝ» አላት። «በየዓመቱ እመክራት ነበር። አንዴ ልስማትና ይብቃኝ።»

መጽሐፏን ያዘቻት። ያቺው ናት። ጀርባዋን ገለጠች፤ የመጨረሻው ምዕራፍ አለ፣ ሙሉውን፣ አንድ ቅጠል ሳይጎድል። ይህን ሁሉ ዓመት አንድ ጊዜ እንኳ ፈልጋ አላነበበችውም፤ ስሙን መጥራት እንኳ ያማት ነበር። ወደቡን፣ ወረርሽኙን፣ ጉድጓዱን አነበበችለትና እዚያ ቦታ ደረሰች። ዝም ብላ በዓይኗ አነበበች። ሐኪሙ ተዋርዶ ነው የሞተው። ጉድጓዱ የተደፈነው እሱ ከሞተ ከብዙ ዘመን በኋላ ነው። ይቅርታ የጠየቀው የለም።

«ምነው ዝም አልሽ?» አላት ሽማግሌው።

አሁን አገኘሁህ አለች በሆዷ። ይህን መጽሐፍ ዳኛውም ፋርማሲስቱም አብጠርጥረው ያውቁታል። ቅዳሜ ይህን ከሳተ ከዚያ ወዲያ የሚያድነው የለም። የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ሳለች የሠራችውን መጨረሻ፣ ቃል በቃል፣ ሳትጨምር ሳትቀንስ ነገረችው። ጉድጓዱ ተደፈነ፣ ከተማው ዳነ፣ ሹማምንቱ አደባባይ ላይ ይቅርታ ጠየቁት።

ሽማግሌው ወደ ድምፁ ሰገግ አለ። «ድገሚልኝ» አላት። ደገመችለት።

«እኔ በሌላ መንገድ ነበር የማስታውሰው» አለ በመጨረሻ። «ተዋርዶ ሞተ ብዬ ስንት ዘመን አስተማርኩ። ግን የኔ ራስ… አየሽው አይደል የኔን ራስ? መጽሐፍ አይዋሽም፤ የዋሸው ይሄ ነው» ብሎ ግንባሩን ነካ። ከዚያ ድምፁ ወረደ። «አንዲት ልጅ ነበረች። የባለ ወፍጮ ልጅ። ልክ እንዲህ ብላ ነግራኝ ነበር። ውሸታም ብዬ፣ አስቄባት፣ ከክፍል አባረርኳት። ለካ ልጅቷ ልክ ነበረች!»

መደምደሚያ መጽሐፏን ከደነች። አስታውሶኛል! ያውም ከነወፍጮው! ይህን ሁሉ ዘመን የለመነችው ነገር መጥቶ ፊቷ ቆሟል፤ የቆመው ግን በሷ ውሸት ላይ ነው። ልጅቷ ልክ አልነበረችም። ቤት አልሄደችም ያን ቀን፤ ወንዙ ዳር ድንጋይ ላይ ቁጭ ብላ በሁሉም ተናደደች፣ በሱም፣ በራሷም፣ በዚያ ርጉም ሐኪምም።

ቅዳሜ ሻይ ቀረበ። ሽማግሌው ተነሣ። የወንበሩን መደገፊያ ይዞ የወደቡን ከተማ ታሪክ ጀመረ፤ አማርኛው እንደ ድሮው ጥርት ያለ ነበር። መጨረሻው ላይ ሲደርስ ግን ትረካውን ተወው።

«አንድ በደል አለብኝ» አለ። «እናንተ ፊት ልናገረው። ሹማምንቱ ሐኪሙን ይቅርታ ጠይቀውታል፤ መጽሐፉ እንዲህ ነው የሚለው። ይህን የነገረችኝን ሕፃን ልጅ ውሸታም ብዬ ከትምህርት ነቀልኳት። ውሸታሙ እኔ ነኝ። በሕይወት ካለች ይቅር ትበለኝ።»

ዳኛው ስኒውን አየ። ፋርማሲስቱ ተነሥቶ ትከሻውን ቸብ ቸብ አደረገው፤ ሕፃን እንደሚያባብሉ።

«መምህር፣ ሐኪሙ እኮ ተዋርዶ ነው የሞተው። እርስዎ ራስዎ ነዎት ያስተማሩኝ። ልጅቷም ምናልባት… ተዉት፣ ሕልም ይሆናል።»

«ምን ሕልም! ልጅቷ ነበረች እኮ ነው የምልህ! መጽሐፉን አምጡ!» አለ ሽማግሌው። ያ መጽሐፍ ማስመጣት የከለከለ፣ ያ እጁ ባዶ ሰው! «አምጡና እዩ!»

«አያስፈልግም መምህር፣ አያስፈልግም።»

«አባዬ፣ በቃ ተቀመጥ» አለች ልጁ እያለቀሰች። «ተቀመጥ፣ የምነግርህ ነገር አለ።»

መጽሐፏ መደምደሚያ ጭን ላይ ናት። ዝም ብትል አለቀ፤ ሰኞ ይወስዱታል፣ ብድር በምድር ይሆናል፣ ማንም ማንንም አይጠይቅም። ዝም ልትልም ነበር። ግን ያ ትከሻ ቸብ ቸብ የሚያደርግ እጅ ደሟን አፈላው። ሠላሳ ምናምን ዓመት የጠበቀችው ይቅርታ ነው እኮ! የሷ ነው! እንደ ሽማግሌ ቅዠት አቧራውን አራግፈው ሊጥሉት ነው? ለሱ አዝና ከመሰላችሁ ተሳስታችኋል። ንብረቷን ሊወስዱባት ነው የመሰላት።

«ቁጭ በሉ!» አለች። ፋርማሲስቱ ሳያስበው ተቀመጠ። መጽሐፏን ገለጠችና ጮክ ብላ አነበበች፦ «ሐኪሙ በኪራይ ክፍሉ ውስጥ ብቻውን ሞተ። ጉድጓዱ የተደፈነው እሱን የሚያስታውስ ሰው ሲጠፋ ነው። በሕይወቱ ሳለ ይቅርታ የጠየቀው አልነበረም።»

ሽማግሌው ፊቱን ወደ ድምፁ አዞረ። «ታዲያ ያነበብሽልኝ…»

«ውሸት ነው። ንጉሡም፣ ኮከቡም፣ የጨው ገበሬዎቹም። ያልኩዎትን ደግሞ አላልኩም ብዬ ክጃለሁ። ራስዎ ደኅና ነው መምህር፣ የተበላሸ ነገር የለውም። እኔ ነኝ ያበላሸሁት።»

«ውሸታም!» ብላ ጮኸች ልጁ። ያው ቃል። አሁን ግን እውነት ነው፤ ያቃጠላትም እሱ ነው።

ሽማግሌው ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ። «አንቺ ነሽ» አለ።

«እኔ ነኝ። መጽሐፉ ተቀዶ ነበር መምህር። የመጨረሻው ምዕራፍ ከነሥሩ አልነበረም፤ የቤተ መጻሕፍቱም ጠባቂ ያውቃል። አስመጥተው ይዩት ልልዎ ነበር፤ አላስጨረሱኝም።»

ጥርስ ሐኪሟ ክንዷን ጨምድዳ ያዘቻት። «ውጪ ከቤቴ! አባቴን አሳብደሽ ልታስወስጂው… ውጪ!»

«ተያት!» አለ ሽማግሌው። «ትጨርስ።»

ልጁ ለቀቀቻት። መደምደሚያ ገጹ ላይ አፈጠጠች። ትጨርስ። ይቺ ናት? ለዚህች ለአንዲት ቃል ነው ዕድሜዋን ሙሉ እርር ድብን ያለችው? ያን ቀን ቢሰጣት ምን ይጎድልበት ነበር? ንዴቷ አልበረደም፤ ጭራሽ ባሰባት። እንዲያም ሆና የምዕራፉን ቀሪ አነበበች። ቀስ ብላ፣ እያንዳንዷ ቃል እንድትገባው እያደረገች፣ እስከ መጨረሻው መስመር ድረስ። መጽሐፏን ዘግታ ጉልበቱ ላይ አስቀመጠችለት።

እጁ በልማድ ተነሣ። የወንበሩን እጀታ ኳ ኳ አደረገ፣ ግን የሚጠይቀው ጠፋው።

«አልፈሻል» አላት ድምፁ ተሰብሮ።

«አሁን ምን ይሠራልኛል?» አለች። ነጠላዋን አነሣችና ወጣች፤ ይቅር ብዬሃለሁም አላለችውም።